የክርስትና ስሙ

ሐይቁ አልመለሰውም።
ታንኳውን ብቻ ነው ከእምቦጩ መሐል ጎትተን ያወጣን፣
እርጥብ ደንገል ታቅፈን፣ ወንድም አጥተን የመጣን።

ሦስት ቀን ቆምን በሽምብጥ ዳርቻ፣
ዓይናችን ውኃ ላይ፣ ዝም ብለን ብቻ።
«ጣና የወሰደውን በሦስተኛው ቀን ይሰጣል» ይላሉ፤
አራተኛው ነጋ፤ ያሉትም ዝም አሉ።
የእድሩ ጥሩንባ በማለዳ ተነፋ፣
ሬሳ የሌለው ለቅሶ ደጃችን ላይ ሰፋ።

ጋቢውን በአልጋ ላይ እንደ ሰው አኖሩት፣
የሰንበት ጫማውን እግርጌ ደረደሩት፤
እዚያ ላይ አለቀስን።
እንባ መድረሻ ይፈልጋል፤
ባዶ ጋቢም ቢሆን ለጊዜው ይቀበላል።

ቄስ አስረስ መጡ፣ መጽሐፈ ግንዘቱን ገለጡ፤
«እገሌ» ከሚለው ላይ ጣታቸውን አስቀመጡ።
«የክርስትና ስሙስ?» አሉን።
ተያየን።

እኛ የምናውቀው አንሙትን ነው።
ከሱ በፊት ሁለት ቀብራ እናታችን ያወጣችው፣
ስምም አይደል፣ ልመና ነው፣ ሞትን የተማጸነችው።
አንሙት የዓሣ ገበያው፣ ቀረሶ ሲመዝን የማይሰርቅ፣
አንሙት ዱቤ ሰጪው፣ በራሱ ቀልድ ቀድሞ የሚስቅ።

«ይሄ የምድር ነው» አሉ ቄሱ፣ «ደጅ የሚቀር መጠሪያ፤
ለወዲያኛው መንገድ ሌላ ነው መታወቂያ።
በማን ብዬ ልጥራው?»
ፍትሐቱ ለአንድ ቀን ቆመ።

እናቴ ታውቅ ነበር። እናቴ አፈር ናት፣
ሰባት ዓመት ሆናት።
ክርስትና አባቱ አያ ቢምረው ዘጌ አሉ ተባልሁ፤
በጠዋት ጀልባ ያዝሁ፣ ወንድሜን በያዘው ውኃ ላይ ሄድሁ።
ሞተሩ ሲያጓራ ቁልቁል እያየሁ ፈራሁ፣
ከሥሬ ቢሆንስ እያልሁ፣ ረግጬው እንደሆን እያልሁ።

ነፍስ እስከ አርባ ቀኗ ትዞራለች ይላሉ፤
ገነትንም ሲኦልንም መላእክት እየመሩ ያሳያሉ።
ሲመጣ አርባ ቀን ቆይቶ ነበር ስም ያገኘው፤
ሲሄድስ በየትኛው ነው የሚገኘው?
ደጁ ላይ «ማን ልበል?» ቢሉት
አንሙት ብሎ እንዳይስቅባቸው ፈራሁለት።

አያ ቢምረው ፀሐይ ይሞቃሉ፤ ዓይናቸው ወተት ሆኗል።
ስጠራቸው እጄን ያዙኝ፣ ፊቴን በጣታቸው ዳበሱት፣
ግንባሬን፣ አፍንጫዬን፣ እንደ ፊደል ቆጠሩት፤
የአንድ እናት አጥንት ነውና መንገዱ የማይጠፋው፣
«ወልደ ዮሐንስ!» አሉኝ፣ «አንተ ልጅ! እንዲህ ነው የምትጠፋው?»

እኔ አይደለሁም ልል ነበር።
ሞቷል ልል ነበር።
አፌ ቀደመኝና «አቤት» አለ።

«ያን ቀን ገና ጠበሉ ሲነካህ ክንዴ ላይ ተንፈራፍረህ፣
መቅደሱን አናወጥኸው በለቅሶህ።
ውኃ አይወድም ይሄ ልጅ ብዬ ነበር። ለመድኸው?»
«ለመድሁት» አልኋቸው።

አልነገርኋቸውም። ኃጢአት ከሆነም ይጻፍብኝ።
አንድ ሰው እንኳ ይኑር አንሙትን ያልቀበረ።

ማታ «ነፍሰ ገብርከ ወልደ ዮሐንስ» ሲሉ ቄስ አስረስ፣
ለማላውቀው ሰው ነበር ጉልበቴ የሚፈርስ።
ሠላሳ አራት ዓመት አንድ ምጣድ ላይ እጃችን ሲገናኝ፣
ይሄ ሌላው ሰውዬ አንድ ቀን እንኳ አላነጋገረኝ።
ጋቢውን ቀበርነው። ቄሱም አጽናኑን፦
ውኃም አደራውን የሚያስረክብበት ቀን አለ አሉን።
አሜን አልን።
እኔ ግን ሐይቁን አየሁት፣ ሐይቁም የሰማ አይመስልም ነበር።

ሌሊት ሚስቴን ቀሰቀስኋት፤
የኔን ስም ነገርኋት።
«ጻፊው» አልኋት።
ምን ነካህ ሳትል ተነሣች፣ መብራት አበራች፣
ከመብራት ኃይል ደረሰኝ ጀርባ በእርሳስ ጻፈች፣
ከዚያ እርሳሱን ወደ እኔ አዞረችና
«የኔንም» አለች።