የሠርግ ድሮን

ሥራዬ ሰማይ ነው፤ በሰዓት የሚከራይ፣
ሙሽራ ከነቬሏ ቁልቁል የምትታይ፤
ሐይቁን ከኋላዋ፣ ታቦርን ከጎኗ
አድርጌ የምቀርጻት እኔ ነኝ በቀኗ።
“ዱካሌ ድሮኑ” ነው የሰፈር ስሜ፣
ከአቶቴ እስከ ሞኖፖል አላርፍም ቅዳሜ።

ዕቃው የገባልኝ በነጋዴ ሻንጣ፣
ከሽቶ ከጫማ ጋር፣ ከዱባይ የመጣ፤
ሞተሩ ካንድ አገር፣ ካሜራው ከሌላ፣
ባትሪው ከሦስተኛ፤ የዕቁቤን ዕጣ በላ።
ፈቃዴ በኪሴ፣ ማኅተሙ ያልደረቀ፣
ሳስነሳው ያየ ልጅ “ንብ! ንብ!” እያለ ሳቀ።

የላንቃሞ ልጅ ሠርግ፤ የሐይቅ ዳር መናፈሻ።
አባ ኮዳዎቹ ከዓሣ ገበያው በር
እንደ ጡረተኛ ዳኛ ቆመው ነበር።
ሙሽራው በጀልባ ከማዶ ሲመጣ
ከሣሩ ላይ ለቀቅኩት፤ አሻቅቦ ወጣ።
ዝዝዝ አለ።
ሁሉም አንጋጠጠ፣ ሁሉም ፈገግ አለ፣
ሕጻን በአባቱ ትከሻ ላይ ዘለለ።
ጠርሙስና ብርጭቆ በትሪ የያዘች
አንዲት አስተናጋጅ ግን
ትሪውን ለቀቀች።

ብርጭቆው ተሰብሮ ድምፁ ሳያባራ
ከጠረጴዛው ሥር ናት፤ ካንዲት ሕጻን ጋራ፣
ከዚያች አበባ በታኝ፣ ነጭ ከለበሰች፤
ከሥሯ አስተኝታ፣ በጀርባዋ ሸፍና፣
“እስኪያልፍ ነው” ትላታለች፣ “እስኪያልፍ ነው” ትላታለች።

ሰው ሳቀ።
አንዱ ሚዜ ቀርጾ፣ ዘፈን ለጥፎበት
ቲክቶክ ላይ ለቀቀው፤
ኬኩ ሳይቆረስ ሺህ ሰው ሳቀበት።
አመሻሽ ላይ ደግሞ፣ ባሕር ተሻግሮ፣
አንዱ “ተዋናይ ናት”፤ ሌላው ዘር ቆጥሮ
“ይበላቸው” አለ። አንዱ ምንም ሳይል
አኖረላት የእሳት ምስል።

ይርገዱ ትባላለች። የአገሯን ስም ግን አልጠየቅኳትም፤
ስም ከተጠራ ወዲያ፣ ሰሚው ወገን እንጂ ሰው አይሰማም።
ከወጥ ቤቱ ጀርባ፣ ባዶ ሣጥን ላይ ተቀምጣ ነገረችኝ፦
“የገበያ ቀን ነበር። ስልክ ከሞተ ስድስት ወሩ።
ወንድሜን ልፈልገው ኮረብታ እወጣለሁ፣
ስልኬን እንደ ስለት ወደ ላይ አነሣለሁ።
እኛ ያጣነውን ኔትወርክ እሱ ግን ነበረው፤
እኔ ያላገኘሁትን ወንድሜን፣ እሱ አገኘው።
ከፍርስራሹ ውስጥ አንዲት ቁራጭ አገኘን፤
ደቃቅ ፊደል አላት፣ የማን እንደሆነ ማንም አልነገረን።”

ማን እንዳበረረው አታውቅም። አየችኝ።
“እንዳንተ ልጅ ይሆናል” አለች፣
“ደመወዙን የሚጠብቅ።”

ቤቴ ገብቼ ባትሪዬን ገለበጥኩት፤
ደቃቅ ፊደል አለው። ማንበብ አቃተኝ።

ሌሊት ቪዲዮውን ልቆርጥ ተቀመጥኩ።
ይኼ መሣሪያ የሚንቀሳቀስ ሲያይ
አረንጓዴ ሳጥን ይሥላል እላዩ ላይ፤
እኔ ሙሽራዋን ነበር የመረጥኩት።
ትሪው ሲወድቅ ግን፣ ደጋግሜ አየሁት፣
ሳጥኑ ዘለለ።
ሙሽራዋን ትቶ፣ ጀልባውን ትቶ፣ ሐይቁን ትቶ
ሯጯን ተከተለ፤
እስከ ጠረጴዛው ጫፍ፣ አንዴም ሳይስታት።
ከላይ ሲታይ ሰው ፊት የለውም፦
ጠጉር ነው፣ ትከሻ ነው፣ ጥላ ነው።
ደግሞም ጣቴ (ይህን ለማንም አልተናገርኩም)
ከሐሳቤ ቀድሞ
አቅርቧት ነበር።

ያን ክፍል ቆረጥኩት። ግን አላጠፋሁትም።
ለምን እንደሆነ አላውቅም።

ዛሬም ቅዳሜ ነው። የዕቁብ ዕዳ አለብኝ፣
ሌላ ሠርግ፣ ሌላ ቬሎ፣ ያው ሐይቅ ጠበቀኝ።
ከማስነሳቴ በፊት ወጥ ቤት ብቅ እላለሁ፦
“ይርገዱ፣ ላስነሳው ነው።”
እጇን በሽርጧ ጠርጋ፣ አንድም ቃል ሳትል፣
መጠጥ ማቀዝቀዣው ክፍል ትገባለች፤
በሩን ከውስጥ ትዘጋለች።
ንቡ ይነሳል። ልጆች ይስቃሉ።
አረንጓዴው ሳጥን
ሰው ይፈልጋል።