የሰው ቤት ዱካ

ሐርቡ ላይ ቀትር ነው፤ ቆርቆሮው ይንጣጣል፤
የግድግዳው ካርታ ከጥጉ ተገንጥሏል።
ሁለት አገር መርጬ በጠመኔ ከበብኩ፣
ወንዝና ተራራ በመሐል አሰመርኩ፤
«ጎረቤቶች ናቸው፤ ቢጣሉም ባንድ አፍ፣ ቢታረቁም ባንድ አፍ፤
ግን መልእክተኛ አላቸው፣ እዚያው ቤት ተከራይቶ ደብዳቤ የሚጽፍ።
አንዴ ሰባት ሳምንት በመድፍ ተማከሩ፣
መልእክተኞቻቸው ሻንጣ አሰሩ፤
ክረምቱ ሲወጣ ተመልሰው መጡ፣
በዚያው ወንበር፣ አቧራውን ጠርገው ተቀመጡ።

ሌላ ጊዜ ደግሞ፣ መጋቢት ላይ፣ በሺህ ዘጠኝ መቶ ሠላሳ፣
ትልቁ ታናሹን ዋጠው፣ ጥይት ሳያነሳ።
ከመልእክተኛው በር ላይ ሰሌዳው ተነቀለ፤
ለገዛ ጓዳው አምባሳደር የላከ ማን አለ?
ያን ዓመት ደሴ ላይም የሰው ባንዲራ ነበር።»
ይህን ስል፣ ቆርቆሮው ብቻ ነው የሚናገር።

«ሰባት ዓመት ቆይቶ ታናሹ ወጣ፤ ስሙን ለቀመ፣
ትልቁ ግን ያኔ ተሰንጥቆ ቆመ።
ታናሹም ላንድ ቋንቋ፣ ለሁለት ደጅ፣ ሁለት ሰው ሰደደ፤
ግንቡ የፈረሰ ጊዜ አንደኛው ቁልፍ አስረክቦ ከደረጃው ወረደ።»

ዘምዘም እብሬ እጇን አወጣች፤
«መምህር» አለች፣
«አንድ ቋንቋ ካላቸው፣ አስተርጓሚ ካልፈለጉ፣
ለምን በአጥሩ ላይ ቆመው ራሳቸው አያወጉ?»

ቸርኬው ተደወለ። መልሱ አፌ ውስጥ ቀረ፤
ጠመኔው በእጄ እንዳለ እግሬ ወደ ቦርከና ዞረ።

*

ቦርከና ማዶ ለማዶ፣ እኛና እነሱ፣
አንድ ነው ምርቃቱ፣ አንድ ነው ለቅሶው እስከነጉርሱ።
ለዚህ ነው የሚያመን።
ባዕድ ቢሰድበኝ ግማሹ ያመልጠኛል፤
የጎረቤቴ ስድብ ግን ከነሥሩ ይገባኛል።

አባ ሙህዬ ነበሩ፤ አበጋር፣ የአበጋር ልጅ፤
ነጭ ጥምጥም፣ የወይራ ከዘራ፣ እርጥብ ሳር በእጅ፤
ውሃው ከወገብ ሲያልፍ እንኳ የሚሻገሩ።
ማዶ፣ እነእብሬ ቤት፣ ዱካ ተሰቅላላቸው ነበር ከማገሩ።
ማንም አይቀመጥባትም። ልጅ ሲነካት ይገሠጻል፤
«ያበጋሩ ናት፣ ተው» ይባላል።
እሳቸው ሳይመጡም ዱካዋ ታወራለች፤
«ማዶ ሰው አለ፤ ሰው እንጂ ጥላችሁ አይደለም» ትላለች።

ከዚያ ከወረዳ ሰው መጣ፤ ክብ ነገር ይዞ፣ የጎማ ማኅተም፤
«ሁለቱ ቀበሌ አንድ ሆኗል። ከእንግዲህ እኛና እነሱ የለም።»
አጨበጨብን።
እኔም አጨብጭቤያለሁ፤ ዋሽቼ ምን አገኛለሁ።
አንድ ሆነናልና ወንዙን የሚሻገር አነሰ፣
የአባ ሙህዬ ከዘራ በር ሥር ቆሞ አቧራ ለበሰ።
እነእብሬ ቤት፣ ክረምቱ ሲጠና፣ እንጨት ሲያጥር፣
ዱካዋን ፈለጧት፤ ለራስ ሰው ማን ወንበር ሊያስቀር።

ሽማግሌው በጥቅምት ሞቱ። በኅዳር ነገር ተነሣ፤
ስለ አንድ ቦይ፣
ስለ ሁለት ሰዓት ውሃ።
ሁሉም የሌላውን ቃል ያውቀዋል፤ የሚያደርሰው ግን የለም።
የሞቱትን አልቆጥርም። ልጆቻቸው ከፊቴ ይማራሉ፤
ግማሾቹ ከመስኮቱ፣ ግማሾቹ ከበሩ በኩል ይቀመጣሉ።

*

በነጋታው ካርታውን በሚስማር መታሁት፤
ከዚያ ፊቴን ሳላዞር፦
«ያ ሰውዬ ሥራው ማስተርጎም አይደለም፤
ሥራው መቀመጥ ነው።
በሰው ቤት፣ በራሱ ዱካ።
እሱን ባየ ቁጥር ባለቤቱ ግድግዳው የት ላይ እንደሚያልቅ ያስታውሳል።»

ዘምዘም ጻፈችው። ሰረዘችው። እንደገና ጻፈችው።
ሌሎቹ ሲወጡ ዘገየችና፣
ደብተሯን እያጠፈች፣ በቀስታ፦
«አባዬ እየጠረበ ነው፤ ዋንዛ ነው፤
ሁለት እግር ወጥቶለታል፣ ሦስተኛው ይቀረዋል።
መምህር... ያባ ሙህዬ ልጅ
መቀመጥ ያውቃል?»