የጉበት ማዕዘን

በኢስፋሃን ከተማ፣ ወንዙ በደረቀበት፣
ሠላሳ ሦስት ቅስት ያለው ድልድይ አሸዋ በሚሻገርበት፣
ማህላቃ ቃል ትሰፍራለች፤ ሥራ ነው፤ ደመወዝ አለበት።
አንድ ቃል፣ አንድ ካርድ። ዛሬ የደረሳት፦
«ጅገር»። ጉበት።

አንደኛ ፍቺ ጻፈች፣ ብዕሯ ሳይቆም፦
«በቀኝ የጎን አጥንት ሥር የሚገኝ፣ ጠይም፣
ሐሞት የሚያመነጭ፣ የሚያጣራ ደም።»
ለዚህስ ማንም አይደክም።

ሁለተኛው ግን ሰፈር ነው፤ አጥር የሌለው ግቢ፤
ያዘነ «ጅገሬ ደማ» እያለ ሲገባ፣
የራራ «ጅገሬ ተጠበሰ» እያለ ሲያነባ፣
ደፋሩ ባለ ጅገር ነው፤ በበጋ ቀትር
በረዶ ውሃ የጠጣም «ጅገሬ ነፍስ ዘራ» ይላል፣
እኛ አንጀቴ ራሰ እንደምንለው ያህል።
የቸኮለውንም «ጥርስህን ጅገርህ ላይ አኑር» ይሉታል፣
ታገሥ ለማለት።
ከጥርስ እስከ ጉበት ግን ሩቅ ነው መንገዱ፤
እንዴት እንደሚደረስ እንጃ፤
ምናልባት ትዕግሥት ማለት ርቀቱ ነው፣ ጉዱ።

ሦስተኛው ፍቺ በሞተር ሳይክል መጣ።
ትናንት፣ አመሻሽ ላይ፣ ከቢሮ ስትወጣ፣
ጸጉሩን በቅባት ያስተኛ ጎረምሳ
ፍጥነቱን ቀነስ አርጎ «ጅገር!» ብሏት አለፈ፣
ጭሱ ኋላ ቀረ፣ ቃሉም ተንሳፈፈ።
ቆንጆ ማለቱ ነው። ወይ የምትበላ፣
እንደ አፉ ባለቤት፣ እንደ ዓይኑ መላ።
በሠላሳ ስምንት ዓመቷ ተናደደች፤ ደግሞ ሳቀች፤
ካርዱ ላይ «የአራዳ» ብላ ጨመረች።

አለቃዋ ኪዩማርስ ቀይ ብዕሩን አወጣ፦
«ጫማውን ያላወለቀ ቃል ምንጣፌን አይረግጥም!»
«ኸረ ጌታዬ፣ የትኛው ቃል ነው ከመንገድ ያልመጣ?»
አልመለሰላትም።
ሰረዘው። በማስመሪያ፣ ቀጥ አርጎ።

አባቷ ያዶላህ፣ ከድልድዩ ማዶ፣
አርባ ዓመት ጉበት ሸጧል፣ ፍሙን አንድዶ፤
ከትፎ፣ በሽቦ ሰክቶ፣ ጨው ነስንሶ፣
በስስ ዳቦ ጠቅልሎ፣ በሶብላ ለብሶ።
ትምህርት ቤት ስትሄድ፣ እጁ በደም እንደራሰ፣
«ጅገሬ፣ ደብተርሽን!» ይላት ነበር።
ይህኛው በየትኛው ቁጥር ይመዝገብ?

ሐሙስ ዕለት ሐኪሙ ፊልሙን ወደ መብራት አነሳ።
ጅገር አላለም። ሐኪም በሌላ አፍ ነው የሚናገር፤
«ካቤድ» አለ።
(እኔ ከሩቅ ሆኜ ስሰማው፣ በአማርኛ ጆሮዬ፣ ከባድ።)
ሽማግሌው ግራ ገባው፤ «ደግሞ እሱ የቱ ነው?»
«ጅገርህ ነው፣ አባባ» አለችው፤ አንደኛው ፍቺ፣ ያ የናቀችው።
«እህ! እሱንማ አውቀዋለሁ፤
ስንት ሺሁን ቆርጫለሁ።»
ጠንክሯል አሉት፣ እንደ ድንጋይ፤
ከሕያው ሰው ቁራሽ ካልተገኘ በቀር…
«ልጅ አለህ ወይ?»

«ጅገርጉሼ»፦ የጉበት ማዕዘን። በእነሱ አፍ ልጅ ማለት ነው፣
እኛ የአብራኬ ክፋይ እንደምንለው።
የእኛን ግን፣ አብራኩን፣ መልሱ ያለን የለም፤
የሰጠ ወላጅም ክፋዩን አልጠየቀም።

ሌሊት ቢሮ ተመለሰች። ካርዱን ፈለገች።
ከወር በፊት በእጇ የጻፈችው ነው፦
«ጅገርጉሼ። ዘይቤያዊ። የተወደደ ልጅ።»
የኪዩማርስን ቀይ ብዕር ከመሳቢያው አነሳች፣
«ዘይቤያዊ» የሚለውን ብቻ ሰረዘች።
በማስመሪያ አይደለም። እጇ ይንቀጠቀጥ ነበር።

ጠዋት በሁለት አልጋ፣ ጎን ለጎን፣ ሲገፏቸው፣
ሽማግሌው ሐኪሙን በእጅጌው ያዘው፦
«ልጄ፣ ቢላህ የተሳለ ይሁን፤
በስሱ፣ ከጠርዙ ጀምር፤ አትቸኩል።
እኔ እንደሆንኩ ብዙ ቆርጬ ነው የማውቀው፣
እንዲህ ያለ ጉበት ግን…»
ቀሪውን በሩ ዋጠው።