ሃያ አራት ቢት

ፍኖተ ሰላም ላይ፣ ከመናኸሪያው ጀርባ፣ ከጠባቧ ሱቄ፣
የሰው ስልክ ገፍቼ፣ በሬን ቆላልፌ፣ ከሚስቴ ተደብቄ፣
ልጄ ከባሕር ዳር በፍላሽ የላከው
አንድ ጊጋ ሙሉ ሄቪ ሜታል ይኸው።
«ሃያ አራት ቢት ነው፤ አባዬ፣ በጆሮ ማዳመጫ፣ አደራ» ብሎኛል፤
ስምንት ዘፈን ነው፤ የስምንቱም ክር አንጀቴ ላይ ተጠምጥሞ ቀርቷል።

መጀመሪያ ዝምታ። ካሴቱ ላይ ያልነበረ፣ የታጠበ ዝምታ፤
ዝናብ ይመስለኝ የነበረው፣ ያ የክሩ ሹሹታ
የለም።
ከዚያ ወንበር ሲንቋቋ፤ ከበሮ መቺው በዱላው ሲቆጥር፤
ጣት በብረት ገመድ ላይ ሲንሸራተት፣ ሲቧጭር፤
ዘፋኙም፣ ከመጮሁ በፊት፣ አየር ሲስብ በረጅሙ፣
ክረምት በሞላ ላህ ወንዝ ዳር ሊዘሉ እንደ ቆሙ
ልጆች።
ጊታሩስ? ጅምላ ጩኸት ያልነው ለካ ቅንጣት አለው፤
እንዚራው እንደሚነዝር በገና፣ ገመድ ገመዱን ለየሁት፣ አንዱን ካንዱ ሳልቀላቅለው።

ካሴቱን ልየው ነው ያመጣው፣ ከማርቆስ፣ በመጀመሪያ ደመወዙ፣
ወፍጮ ቤት በተቀጠረ ሰሞን፣ ገና ሳይረግፍ ወዙ።
ድንጋዩን እንደ በርበሬ ፀሐይ ላይ እናሰጣው ነበር፣ ነፍስ እንዲዘራ፤
ክሩ ሲበጠስ ቀጠልነው፣ በእህቱ ጥፍር ቀለም፣ እጃችን እየፈራ።
አራተኛው ዘፈን ላይ ቴፑ ያቃስታል፣ ክሩ ተለጥጦ፤
እኛ ግን ሐዘን መስሎን እንሰማው ነበር፣ ልባችን አብሮት ቀልጦ።

ዛሬ ነው የሰማሁት፤ ለካ ሽምጥ ነው፣ ጋልቦ ያልፋል፤
ሠላሳ ዓመት «ያነክሳል» ብዬ ያዘንኩለት ፈረስ አራቱም እግሩ ደኅና ኖሯል።

በነጋታው ልየው መጣ።
ዱቄቱን ሰው ወሰደው፤ ጆሮውን ወፍጮው በላ፤
አጠገቡ መብረቅ ቢወርድ አይዞርም ወደ ኋላ።
ምንም አላልኩት። መዳፉን ይዤ ስፒከሩ ላይ አኖርኩት፤
አራተኛውን ከፈትኩለት።
ዓይኑን ጨፈነ። ጣቱ ጀመረ፣ አንድ… ሁለት… ቀስ ብሎ፣ እንደ ካሴቱ፤
ሣጥኑ ግን ቀደመው፤ ግራ ተጋባ ጣቱ።
«ፈጠነ!» አለኝ፣ ከመንገድ ማዶ እስኪሰማ።
አጠፋሁት። ጣቱ ግን ጠረጴዛዬ ላይ፣ በዚያው በድሮው ዜማ፣
እየተጎተተ ቀጠለ።
ደንበኛ መጥቶ «ስልኬስ?» አለ።

የቀሩትን አራት ዘፈኖች ሰማሁ፣
ከልየው ጣት።