አሥራት

ሦስተኛው ፎቅ ላይ ነው፤ ሊፍቱ ሁልጊዜ ይታመማል፤
ኮከብ የተባለ ሁሉ ደረጃው ላይ ያለከልካል።
እኔ ስልክ አንሺ ነኝ፤ ደመወዜ ጥቂት፣ ውሸቴ ግን ብዙ፤
«ስብሰባ ላይ ናቸው»፣ «ውሉ መንገድ ላይ ነው»፣ አያልቅም መዘዙ።

ማዳም ኦዲል ሸቬርኒ ከመቶው አሥር ትወስዳለች፤
እንደ ደብር ገበዝ አሥራቷን ቆጥራ ትረከባለች፤
ደግሞም ታውቃለች፦
የማን ጥርስ ሰው ሠራሽ፣ የማን ቤት በዕዳ፣
ማን ከማን ጋር ቢቀመጥ ሳህን እንደሚጎዳ።

በቀደም ሁለት ተዋንያት በአንድ ፖስተር ተጣሉ፤
«ስሜ ከሷ በላይ ይሁን!»፣ «ከኔ በላይ ማን አለ?» አሉ።
ማዳም ማስመሪያ አወጣች፤ ለሲዶኒ ግራውን ሰጠች፣
የማጋሊን ስም በቀኝ በኩል አንድ ጣት ከፍ አደረገች፤
«ዓይን ከግራ ይጀምራል» ብላ አንዷን፣
«ሰማይ ከላይ ነው» ብላ ሌላዋን ሸነገለች።
ሁለቱም አሸንፈው ወጡ።
እኛም ምሳ በላን።

ጎንትራን ላቪኝ ግን ሌላ ነው።
ሰባ አራት ዓመቱ። ድምፁ ዛሬም አዳራሽ ይሞላል፤
ቃል ግን በወንፊት እንደተቀዳ ውሃ ሆኖበታል።
መድን ሰጪው እንዳይሰማ፣ ዳይሬክተሩ እንዳይጠረጥር፣
ማዳም ምስጢሩን ዋጠች፤ እኔም ዋጥኩ፤ ማን ይናገር?

የእራት ትዕይንት ነበር። ኖርማንዲ፣ ድንኳን፣ ዝናብ።
በሳህኑ ጠርዝ ዙሪያውን፣ ከዓሣው ሥርም ጥቂት መስመር፣
በደቂቅ ፊደል ጻፈችለት፣ እየቆረሰ እንዲናገር።
በላ፣ አነበበ፤ በላ፣ አነበበ፤ «ልጄ ሆይ» ላይ ደረሰ፤
ቀጥሎ ባለው ቃል ላይ ግን የቅቤ መረቅ ፈሰሰ።

ሹካውን አስቀመጠ። ልጁ ሆኖ የሚተውነውን ጎረምሳ አየ።
አፉን ከፈተ።
ምንም።
ዝናቡ ድንኳኑን መታ።
ከዚያ ዓይኑ ሞላ፤ ቃል የጠፋበት ሰው ዕንባ ነው፣ እኔ አውቃለሁ፤
ዳይሬክተሩ ግን በሹክሹክታ «እንዳታቆሙ!» ሲል ሰምቻለሁ።

የጠፋችው ቃል «ይቅርታ» ነበረች።

በክረምቱ ማብቂያ ሸለሙት፤ «ዝምታን ያናገረ» ተባለ።
መድረክ ላይ ቆሞ አመሰገነ፤ ያልጠራው ማን አለ?
ዳይሬክተሩን፣ ሹፌሩን፣ የቀድሞ ሚስቱን፣ ወጥ ቤቷን፣
ዓሣውን ሳይቀር፤ ሰው ሁሉ ሳቀ፣ ያዘ ሆዱን።
ኦዲልን ዘለላት። ክፋት አይደለም፤
ስሟ በነበረበት ቦታ ላይ መረቅ ፈሷል።
እሷም ከኋላ፣ በሩ ጋ ቆማ፣
ንግግሩን ቃል በቃል በከንፈሯ ታቀብለው ነበር።

ወደ ቤት ስሸኛት፣ ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት፣ ስልኳ ጮኸ።
«አንቺ፣ ታክሲ ውስጥ ነኝ። ሹፌሩ ወዴት ነው ይላል።»
«ከድልድዩ ማዶ፣ አሥራ ሰባት ቁጥር። ቁልፉ በግራ ኪስህ ይሆናል።»
«ጉልበቴ ላይ አንድ ከባድ ነገር አለ። የኔ ነው?»
«ያንተ ነው» አለች። «ዘጠናው እጅ ያንተ ነው።»

«አሥሩስ?» አልኳት ስልኩ ሲዘጋ።
መስኮቱን ዝቅ አድርጋ ነፋሱን ተቀበለች።

ያ ሳህን ቢሮ አለ፤ ቁልፎቿን ታኖርበታለች፤
ጽዳት ሠራተኛዋ ልጠበው ስትል ማዳም ትቆጣለች።
ዛሬም ሊፍቱ ታሟል፤ ደረጃው ላይ አንድ ኮከብ ያለከልካል፤
«ስብሰባ ላይ ናቸው» እላለሁ፤ ስልኩ መልሶ ይጠራል።
ማዳም በውስጠኛው ክፍል ከታክሲ ድርጅቱ ጋር ትነጋገራለች፦
«አድራሻውን ወንበሩ ጀርባ ላይ ይለጥፉለት።
በትልቅ ፊደል፣ እባክዎ።
መረቅ በማይደርስበት።»