አፈጻጸም

ሁግሊ ወንዝ ዳር፣ ከተዘጋው የጆንያ ፋብሪካ በር፣
ፍርድ አስፈጻሚው ቆሟል፣ ንብረት ሲቆጥር፦
«የግድግዳ ሰዓት፣ አንድ፤ የቆመ።
ሚዛን፤ በአንድ ጎኑ የዘመመ።
ስድስት ወንበር። የፈረቃ ጡሩምባ፤ ዝገት የበላው።»
ሳቅን፤ ማን ሊገዛው፣ ማንስ ሊነፋው?

ያ ጡሩምባ እኮ ነው፣ ሳይነጋ ሲጮህብን፣
ሠላሳ ዓመት ሙሉ ከአልጋ ያፈናቀለን።
ዛሬ እሱም ቁጥር ተለጥፎበት
ሐራጁን ይጠብቃል፣ ድምፁ ጠፍቶበት።

«ጎኩል!» ሲል ተጣራ። ዝም አለ ግቢው።
«ጎኩል!» ኒሮዳ ወጣች፣ ሚስትየው፤
ከሳሪዋ ጫፍ ቋጠሮ ፈታ መዝገብ ቁጥሩን አሳየች፤
«ፍርዱ ሳይፈጸም እሱ ተፈጸመ» አለች።

አስፈጻሚው ቀና አላለም። ቀለም የነጠፈ ብዕሩን እያራገፈ፣
ከጡሩምባው ሥር፣ በተረፈው መስመር፣ «ወራሽ» ብሎ ጻፈ።