የመዳብ ዝገት

ከፒያሳ ወርቅ ቤቶች፣ ከመብራቱ ጀርባ፣
ደረጃው ቁልቁል ወርዶ፣ ፀሐይ በማትገባ
ባንዲት ጠባብ ክፍል፣
ጋሽ ይርጉ ጎንበስ ብሎ ድንጋይ ሲያስተካክል፣
እኔ ውሃ አፍሳሽ ነኝ። ጎማው ሲሽከረከር
ጠብ ጠብ አደርጋለሁ፣ ብናኙ እንዳይበር።
“አረንጓዴ ስትቆርጥ ሸፍን አፍንጫህን፤
ለዓይን ጌጥ የሆነው ይበላል ሳንባህን።”

ከመደርደሪያው ጥግ፣ በሻይ ብርጭቆ ውስጥ፣
የደላንታው ኦፓል ውሃውን ሲመጥ
ጠፍቷል። ብርጭቆው ባዶ ይመስላል።
አይ የሱ ነገር!
ሌላው ውሃ ሲያጣ ይጠወልጋል፤
እሱ ሲጠጣ ይከስማል፣ ሲጠማው ይነዳል።

ነሐሴ፣ ረቡዕ፣ ቆርቆሮው ሲደበደብ፣
ወይዘሮ አሰገደች ገቡ፣ ጃንጥላቸው ጠብ ጠብ።
ጠዋት በሳሙና ያወለቁትን ቀለበት
ከመሐረብ ፈትተው አኖሩ ከጋሽ ይርጉ ፊት።
“ባለቤቴ ነፍሱን ይማር፣ አምሳ አለቃ ደጀኔ
ኮንጎ ዘምቶ ሲመለስ ያመጣልኝ ለኔ፤
መረግድ ነው ብሎኛል። እስቲ እየው በዓይንህ።”

ጋሽ ይርጉ ዓይኑ ላይ መነጽሩን ተከለ።
ዝም አለ።
ደግሞ ዝም አለ።
ከትከሻው ኋላ አየሁት፦ ክብ በክብ፣
ጠጠር የወደቀበት ኩሬ፣
ደማቅ አረንጓዴ፣ ፈዛዛ አረንጓዴ፣
ደግሞ ጥቁር ሊሆን ጥቂት የቀረው።
መረግድ እንዲህ አይሸነሸንም።
ይሄን መርፌ ይቧጭረዋል።
ከሻዩ ሳህን ላይ ሎሚ አለ፤ አንዲት ጠብታ
ብትነካው ይፈላል፣ አረፋ ይተፋል፣ ይናዘዛል ባንድ አፍታ።
ጋሽ ይርጉ ሎሚውን አነሳ፤
አየው፤
ሻዩ ውስጥ ጨመቀው።

“እማማ፣ ማላካይት ነው። የመዳብ ዝገት።
ካታንጋ ላይ ዝናብ አፈር ውስጥ ሲሰርግ፣
እኛ የምናወጣትን ትንፋሽ አዝሎ ይወርዳል፤
መዳብ ያገኘዋል። መዳብም ይዝጋል፤
ጠብታ በጠብታ፣ ክብ በክብ ይረጋል።
ብረት ሲዝግ ያልቃል። መዳብ ሲዝግ ግን
ይኸው ሰው ጣት ላይ ይወጣል።
የጥንት ግብፆች ፈጭተው ዓይን ኩለውበታል።
ዋጋው...” አለና ተወው።

ወይዘሮ አሰገደች ሳቁ።
“አውቃለሁ፣ ልጄ። በድርቁ ዘመን ልሸጠው ወጥቼ
ሦስት ወርቅ ሠሪ ነግሮኝ ተመለስኩ አንብቼ።
ግን ስልሳ ዓመት ሙሉ ከጣቴ ሳይወርድ፣
ምናልባት እስካሁን ሆኖ እንደሁ መረግድ
ብዬ ነው።”

ጋሽ ይርጉ በቆዳ ወለወለላቸው።
ገንዘብ አልተቀበለም።
ቀለበቱ አንጓቸው ላይ ትንሽ እንቢ አለ፤
ከዚያ ገባ።

እስከ ቸርችል ጎዳና ጃንጥላ ይዤ ሸኘኋቸው።
ስመለስ፣ ቤቶች ከፈረሱበት ባዶ ቦታ፣
ከጭቃው የወጣ የተቆረጠ የመብራት ሽቦ፣
ጫፉ ላይ አረንጓዴ ጀምሯል።
“ጋሽ ይርጉ፣ ስንት ዓመት ይፈጃል?” አልኩት።

ጎማውን አስነሳ።
“ውሃ አፍስስ” አለኝ።